አደ ፈጡማ የወሰዱት ተራራ

ልጅ ሳለሁ፣ እናቴ እንደምትለው፣ እግዜር መቀመጫ ነፍጎኛል። እራት ላይ ሁለት ጎርሼ እነሳለሁ፤ ደጅ ባጃጅ ሲያልፍ ለማየት እሮጣለሁ፤ መብራት ሲጠፋ እሮጣለሁ፣ ሲመጣ ደግሞ «መጣ!» እያልኩ እሮጣለሁ። «ይቺን ልጅ መርፌ ላይ ነው እንዴ የወለድኳት?» ትላለች እናቴ። አሁን ሳስበው ግን፣ በዚያ ቤት አርፎ የተቀመጠ ማን ነበርና ነው እኔ ብቻዬን የምታማው? ሐረርጌ፣ ጭሮ ከተማ የምንኖረው ለጊዜው ነበር፤ እኔ ሳልወለድ የተጀመረ «ለጊዜው»። ቁም ሳጥን አልነበረንም፤ በመጪው ክረምት ለሚሄድ ሰው ቁም ሳጥን ምን ያደርግለታል? ልብሳችን በሻንጣ ነበር፣ የተረፈው በማዳበሪያ። እናቴ የጓሮ ጎመን እንኳ ስትተክል አባዬ «ሳይደርስ እንሄዳለን፣ ምን ያደክምሻል» ይላት ነበር፤ ጎመኑም ይደርስና እሱው ራሱ ይበላዋል።

አባዬ የጂኦግራፊ መምህር ነው። የጎጃም ሰው፣ ከጮቄ ተራራ ሥር የተወለደ። መጀመሪያ በደሳ ተመደበ፣ እዚያው ተወልዳ ነርስ የነበረችውን እናቴን አገኘ፣ ከዚያ ሁለቱም ጭሮ መጡ። ወደ አገሩ ለመመለስ ያለው መንገድ አንድ ብቻ ነበር፤ ጎጃም የሚያስተምር፣ ጭሮ መምጣት የሚፈልግ መምህር ፈልጎ መቀያየር። እስቲ ይታያችሁ! በየዓመቱ አንድ ሰው ይገኛል፣ አባዬ ፊቱ ይፈካል፣ በስልክ ይጨዋወታሉ፣ ከዚያ ሰውየው ወይ ያገባል፣ ወይ እናቱ ትታመማለች፣ ወይ ሐረርጌ ይሞቃል የሚል ወሬ ይሰማል፣ ይቀራል። እናቴ በሆዷ ምን እንደምትል አላውቅም፤ በአፏ ግን «ካገሩ የወጣ አገሩ እስኪመለስ፣ ቢጭኑት አህያ ቢለጉሙት ፈረስ» እያለች ሳህኗን ታጥባለች።

እሁድ እሁድ አባዬ ይፈትነኛል። በዚያ ቤት ግድግዳ ላይ የተመታ ሚስማር ቢኖር የካርታው ሚስማር ብቻ ነው። ካርታው ላይ የተራሮቹ ስም በወረቀት ተለጥፎ ተሸፍኗል። አባዬ በእስክሪብቶ ይነካና «ይሄስ?» ይላል። «ባቱ» እላለሁ። «ባቱን አሁን ባሌ ላይ ነገርኩሽ፣ ይሄ አርሲ ነው!» «እ… ጭላሎ።» «ከጭላሎና ከጉና የቱ ይበልጣል?» እኔ ያን ጊዜ አንድ እግሬ በር ላይ ነው። አባዬ እስክሪብቶውን ያስቀምጥና «ደብረ ማርቆስ ትምህርት ቤት ስትገቢ እንዲህ ብትይ በኔ ነው የሚስቁት» ይላል። ደብረ ማርቆስ ማለት ለኔ ያኔ ከካርታው ግራ በኩል ያለ፣ አንድ ቀን ተሰብስበን የምንወድቅበት ጉድጓድ ነበር።

ተራራ የተማርኩት ሌላ ቦታ ነው። አከራያችን አደ ፈጡማ የሚባሉ ሴትዮ ነበሩ፤ አደ በኦሮምኛ ወይዘሮ ነው፤ ቁመታቸው አጭር፣ ድምፃቸው ግን ከመናኸሪያው ረዳቶች የሚበልጥ። ቀን ጫት ተራ ይውላሉ፣ ማታ ከመግሪብ ሶላት በኋላ በረንዳቸው ላይ ከሰል ያያይዛሉ፤ በቆሎው ይጠበሳል፣ የቡና ገለባው በወተት ይፈላል፣ ሆጃ ይሆናል። መብራት ከጠፋ ኩራዝ ይለኩሳሉ። እኛ የግቢው ልጆች ከሰሉን ከበን እንቀመጣለን፤ እኔ እንኳ ቁጢጥ እላለሁ። ጭሱ ወደ ማን እንደሚሄድ እየተገፋፋን ሳለ እሳቸው በድንገት «ሂቦ!» ይላሉ። እኛም በአንድ አፍ «ሂባካ!»

የአማርኛው እንቆቅልሽ ነው፣ ሌላ አይደለም። ያላወቀ አገር ይሰጣል፤ ይህ በሁለቱም ቋንቋ ያው ነው። አደ ፈጡማ ግን ከተማ አይቀበሉም ነበር። «ከተማ ምን ያደርግልኛል? አዲስ አበባን ሰጣችሁኝ፣ ገባሁ፣ ቤት ኪራይ ብቻ! ድሬዳዋን ሰጣችሁኝ፣ ተቃጠልኩ! ተራራ ስጡኝ፣ ተራራ አከራይ የለውም» ይላሉ፤ ራሳቸው አከራይ ሆነው። ተራራውን መስጠት ብቻም አይበቃም። «እሺ፣ እዚያ ምን አለ? ምን እበላለሁ? ከማን ጋር አወራለሁ?» ብለው ይጠይቃሉ፤ ያላወቀ ሰው ተራራው ይመለስበታል፣ ይሰደባልም።

እና የአባዬን የጂኦግራፊ መጽሐፍ በሱ ፊት መክፈት የማልወደው እኔ፣ ተሸንፌ እንዳልሰደብ ብዬ ከሱ ተደብቄ አነበው ጀመር። ራስ ዳሸንን ሰጠኋቸው። «ጭላዳ ዝንጀሮ አለ፣ አደ ፈጡማ፣ ደረቱ ቀይ የሆነ። ብርድ ነው፣ ገብስ አለ።» እሳቸው ዓይናቸውን ጨፍነው ወደዚያ ይሄዳሉ። «ራስ ዳሸን ገብቼ ምን አጥቼ! ዝንጀሮዎቹ ጎረቤቶቼ ናቸው፣ ጫት እንኳ አይጠይቁኝም። ጠዋት በገብስ ቂጣ፣ ማታ በገብስ ገንፎ! ከላይ ሆኜ ቁልቁል ሳይ ሰብለ ጭሮ ላይ ትታየኛለች፣ ንፍጧን ሳትጠርግ!» ሰብለ እኔ ነኝ። ዝቋላን ስሰጣቸው ጫፉ ላይ ሐይቅ አለው ስላቸው እንዴት ደስ እንዳላቸው! «ውሃ ሳልቀዳ? ከደጄ ሥር? ይሄንንማ አምጪው!» ኤርታሌን አንዱ ልጅ ቢሰጣቸው «እሳት ላይ ልታስቀምጠኝ ነው አንተ?» ብለው በበቆሎው ቆረቆንዳ አባረሩት። ሌላው አሰቦትን የሰጠ ጊዜ «አይሆንም፣ መነኮሳት አሉበት፤ እኔ በዚህ ድምፄ ገብቼ ጸሎታቸውን ላፈርስ?» አሉ። የሐረርጌውን ገራ ሙለታ እኔ ስሰጣቸው ደግሞ «የኛኑ ለኛ? ይቺ ሌባ!» አሉና ሁላችንም ሳቅን።

ከየተራራው ላይ ሆነው ተረት ያወርዱልናል። በጉና ላይ ከነፋስ ጋር ተጣልተው ሻሻቸውን እንዴት እንዳስመለሱ፣ በባቱ ላይ ከቀይ ቀበሮ ጋር ምን እንደተነጋገሩ፤ አንዱንም ረግጠውት አያውቁም፣ ከሂርና ያለፉት ለሐጅ ሲሄዱ ብቻ ነው። እኛ ግን እናምናለን። ፍሙ እየከሰለ፣ ኩራዙ እየተርገበገበ፣ ያኔ ተራሮቹ ሁሉ አንድ በአንድ የአደ ፈጡማ ሆኑ።

ከጮቄ በስተቀር። አንድ ማታ ተሸንፌ ሌላ ተራራ ቢጠፋኝ «ጮቄን ሰጠሁ» አልኩ። ወዲያው ከኛ ክፍል በመስኮት የአባዬ ድምፅ «ጮቄን አትንኪ!» ብሎ ጮኸ። ጉድ! ለካ እንደዚያ ደብተር ሲያርም ሁሉንም እየሰማ ነበር። አደ ፈጡማ ግን «ምነው በርሲሳ፣ ተራራህ ያልቅብሃል?» አሉት። መምህር ማለታቸው ነው፤ ሌላ ስም ጠርተውት አያውቁም፣ አንቱም ብለውት አያውቁም። «አደ ፈጡማ፣ እሱን ይተዉልኝ፤ እኔ የምሄድበት ነው» አለ አባዬ። የተናገረው በቀልድ አልነበረም።

ያቺን ቃል እኔ እንደ ልጅ ያዝኳት። የሰጡት ተራራ የሌላ ሰው ነው፤ ስለዚህ ጮቄ ከተሰጠ አባዬ የሚሄድበት የለውም፤ ስለዚህ አንሄድም። ከዚህ የተሻለ ሒሳብ እስከ ዛሬ ሠርቼ አላውቅም።

በዚያው ዓመት ጥር ላይ የሚቀያየረው ሰው ተገኘ። እንደ ሌላው ጊዜ አይደለም አሉ፤ ሰውየው ሚስቱ የሂርና ልጅ ናት፣ መምጣቱን አጥብቆ ይፈልገዋል። አባዬ ሻንጣዎቹን አውርዶ ዚፓቸውን ይሞክር ጀመር። ማታ ማታ በስልክ ሲያወራ ድምፁ ተቀየረ፤ የጎጃሙ ዜማ መጣበት። እናቴ ያን ተረቷን ተወች። እኔ ምግብ አልበላ አለኝ፤ ተኝቼ እነሳለሁ፣ ተነስቼ እተኛለሁ። እዚያ ማን «ሂቦ» ይለኛል? «ሂባካ» ብል የሚሰማኝ ማን ነው?

አንድ ማታ አደ ፈጡማን ከሶላታቸው በፊት ያዝኳቸው። «ጮቄን በነፃ ልስጥዎት» አልኳቸው። ጉልበቴን ይዘው ካጠገባቸው አስቀመጡኝ። «የሰው ተራራ ሐራም ነው፣ ኢንተላ ኮ። የኔ ልጅ፣ ባለቤቱ ራሱ ይስጥ እንጂ።»

እንግዲያው አባዬ ተጫውቶ መሸነፍ አለበት። እሱ ደግሞ የአማርኛውን እንቆቅልሽ አንድ ሳይቀር ያውቃል፤ ስለዚህ ከኦሮምኛው መፈለግ ያዝኩ። ከትምህርት ቤት ስወጣ ወደ ቤት መሄድ ቀረ። ጫት ተራ እገባለሁ፣ መናኸሪያ እገባለሁ፣ ባጃጅ የሚያጥቡትን ልጆች አቆማለሁ፤ «ሂቦ ታውቃላችሁ? ከባድ፣ በጣም ከባድ?» ያገኘሁትን ይዤ እሮጥና መጀመሪያ እናቴ ላይ እሞክረዋለሁ። «ሲሄድ ውሎ ከቦታው የማይነቃነቅ?» «መንገድ» ትላለች፣ ከልብስ እጥበቷ ቀና ሳትል። ሌላ አመጣለሁ፣ ትፈታዋለች። ሌላ። የበደሳ ልጅ አይደለች? እኔም ተመልሼ እሮጣለሁ፤ የሰፈሩ ሰው «የመምህሩ ልጅ ምን ነካት?» እስኪል ድረስ።

በመጨረሻ ከበደሳ ሚኒባስ ላይ የወረደች አንዲት ጫት ሻጭ ሰጠችኝ። እንዲህ ነበር፤ «ከሩቅ ሲያዩት ሰማያዊ፣ ሲቀርቡት አረንጓዴ፣ ላዩ ሲወጡበት የለም።» አሰብኩ፣ አልመጣልኝም። መልሱን በጆሮዬ ስትነግረኝ «ወይኔ!» ብዬ ጮኽኩ። እናቴ ላይ ብሞክረው፣ አዳር ሠርታ ደክሟት ነበር፤ «ተይኝ ልጄ፣ አላውቅም» አለች። በቃ! ለኔ በዓለም ላይ ከዚህ የሚከብድ እንቆቅልሽ አልነበረም።

ያን ቀን ማታ አባዬ ከሥራ አመሸ። ሲመጣ ሰላም ብሎን ጫማውን ሳያወልቅ ደጃፉ ላይ ቆመ፤ ስልኩን በእጁ እያገላበጠ ወደ አስፋልቱ ያያል። መብራት ጠፍቶ ነበር። እኔ ምኑም አልታየኝም፣ እጁን ይዤ ጎተትኩት። «አባዬ፣ አንድ ጊዜ ብቻ! አንድ ብቻ ተጫወት!» እናቴ «ተይው፣ ደክሞታል» ስትል እሱ «ግድ የለም» አለና መጥቶ ከከሰሉ አጠገብ የአደ ፈጡማን ዱካ ስቦ ተቀመጠ። በረንዳቸው ላይ ሲቀመጥ ያየሁት ያን ዕለት ነው። አደ ፈጡማ ሆጃ ቀዱለት።

«ሂቦ!» አልኩ። «ሂባካ» አለ አባዬ። ጠየቅኩት። አባዬ ሆጃውን ፉት አለ፣ ፍሙን አየ፣ ቀና ብሎ እኔን አየኝ። እኔ በአንድ እግሬ እየተዟዟርኩ ነበር።

«አላወቅኩትም» አለ።

«በል ስጥ!» ብዬ ጮኽኩ። «ተራራ ስጥ! ለአደ ፈጡማ!»

«ጮቄን ሰጠሁ።»

አቤት እንዴት እንደዘለልኩ! ግቢውን ሁለቴ ዞርኩት። ስመለስ አባዬ እኔን እያየ ይስቅ ነበር፤ ሌሎቹ ልጆችም አብረውኝ ይዘላሉ። አደ ፈጡማ ግን እንደ ወጉ «ገብቼ ምን አጥቼ» አላሉም፣ አልተሳደቡም። በዝግታ «እዚያ ምን አለ፣ በርሲሳ?» ብለው ጠየቁት።

አባዬ ነገራቸው። እንዲህ ሲያወራ ሰምቼው አላውቅም፤ ጣቱ ካርታ ላይ አልነበረም፣ ከፍታም አልጠራም። «ብርድ ነው» አለ፤ «እርስዎ አይችሉትም። ጠዋት በሩን ሲከፍቱት ጉሙ ዘው ብሎ ይገባና መደብ ላይ ይቀመጣል። እናቴ ‹ዛሬም እንግዳ አለን› እያለች ነው እሳቱን የምታነደው። ጅብራ የሚባል ተክል አለ፣ ከሰው የሚረዝም፤ በጉም ውስጥ ሲያዩት የቆመ ሰው ይመስልዎታል። ማታ ከገበያ ስንመለስ አባቴ እኔን ለማሳቅ ‹እንደምን አመሹ› ይለው ነበር። ምንጩ ደግሞ በየእርምጃው ነው፤ የትም ቢተኙ ከሥርዎ ውሃ ሲሄድ ይሰማል። ሁሉም ወደ ዓባይ ይወርዳል። ድንቹ ጥሩ ነው። ሰው ግን ያንሳል፤ የኔዎቹ አብዛኞቹ አልፈዋል።» ይህን ብሎ ሆጃውን ጨረሰ።

«ተቀበልኩ» አሉ አደ ፈጡማ። «አላህ ምስክሬ ነው፣ አልበድለውም።» ከዚያ መልሱን እኔ መናገር ነበረብኝ። «ተራራ!» አልኩ እየሳቅኩ። «አባዬ፣ ተራራ ነው'ኮ መልሱ!» አባዬም «አይ እኔ!» አለና ግንባሩን በእጁ መታ፤ ሁሉም ሳቀ። እናቴ ብቻ ተነስታ ወደ ቤት ገባች።

አልሄድንም። ሰውየው ቀርቷል ተባለ፤ እኔ የምክንያቱን ነገር አልጠየቅኩም፣ ምክንያቱን እኔ አውቀው የለ? በሳምንቱ አባዬ ከአናጺ ጋር ሲነጋገር አየሁት፤ ትልቅ ቁም ሳጥን አሠራ፣ በበር አልገባ ብሎ አንዱን እግሩን እስኪያወልቁለት ድረስ። የእሁዱም ፈተና ቀረ። እኔም ለዓመታት፣ እውነቴን ነው፣ ያን ቤተሰብ ጭሮ ላይ ያስቀረሁት እኔ ነኝ ብዬ በሆዴ እኮራ ነበር።

አሁን ሂርና ነው የምሠራው፤ ጠዋት እሄዳለሁ፣ ማታ ጭሮ እመለሳለሁ፣ ሕይወቴ ሚኒባስ ላይ ናት። አንድ ቀን ከሥራ ስመለስ፣ ብዙም አልቆየ፣ መስኮት አጠገብ ተቀምጬ ወደ ፊት ያለውን ተራራ አያለሁ፤ ሰማያዊ ነው። መኪናው ቀረበ፣ አረንጓዴ ሆነ፣ ጫቱና ማሽላው ታየኝ። ዳገቱን ጨርሰን አናቱ ላይ ስንወጣ የለም፤ ሜዳ፣ አስፋልት፣ ሻይ ቤት። ያቺ ሂቦ በአፌ መጣች። ያን ጊዜ ነው የገባኝ። የጂኦግራፊ መምህር! ከተራራ ሥር የተወለደ፣ ዕድሜውን ሙሉ ተራራ ያስተማረ ሰው! ይህንን አጣው? «ወራጅ!» ብዬ ጮኽኩ። ረዳቱ «እመት፣ ገና'ኮ ነው» ሲለኝ ወርጄ ነበር። መንገድ ዳር ቆሜ ወዲያና ወዲህ ስል ሌላ መኪና እስኪያነሳኝ መሸ።

በቀጥታ አባዬ ዘንድ ሄድኩ። ጡረታ ከወጣ ቆይቷል፣ እዚያው ጭሮ ነው፤ አደ ፈጡማ ካለፉ በኋላ ከልጆቻቸው ጋር ተስማምቶ ግቢውን አልለቀቀም። ሳልቀመጥ «አባዬ፣ መልሱን ታውቀው ነበር አይደል?» አልኩት። የቱን እንደሆነ አልጠየቀኝም።

«ተቀመጪ» አለኝ።

«ታውቀው ነበር ወይ?»

«ያን ቀን ከሰዓት የሚቀያየረኝ ሰውዬ ደውሎ ነበር» አለ። «‹ይቅርታ መምህር፣ ቀርቻለሁ› አለኝ። ዕድሜዬም ሄዷል፣ ከእንግዲህ ሌላ ሰው እንደማልፈልግ እዚያው መንገድ ላይ ቆርጬ ነው የመጣሁት። ለእናትሽ እንዴት ልንገራት እያልኩ ደጃፉ ላይ ስቆም አንቺ እጄን ያዝሽ። ከተማውን ሙሉ ስትዞሪ ሰንብተሻል፣ ሰዎች ነግረውኛል። ለምን እንደሆነም አደ ፈጡማ ነግረውኛል።» ፈገግ አለ። «ተነጠቅኩ ከምል ሰጠሁ ልበል አልኩ፣ ልጄ። አንቺም ደስ ይበልሽ።»

ሳምኩት፣ አለቀስኩ፣ ሻይ ላፍላልህ ብዬ ተነሳሁ፣ ስኳሩን ፈልጌ አጣሁት፣ ተመልሼ መጣሁ።

የተራሮቹን ከፍታ ዛሬ ብትጠይቁኝ ግማሹን ረስቼዋለሁ። አልረሳ ያለኝ የዚያ ማታ የአባዬ ሳቅ ነው፤ እኔ በጮቄ ላይ ስዘልበት፣ እሱ ከከሰሉ ማዶ ተቀምጦ እያየኝ የሳቀው። ከልቡ ነበር ወይስ ለኔ ሲል? አጠገቡ እየኖርኩ፣ በየሳምንቱ እያየሁት፣ ይህችን አንዲት ጥያቄ እስከ ዛሬ አልጠየቅኩትም። እፈራለሁ።